ድምፁ ሲወጣ የሚቀረው፦ የጊልበርት ጎትፍሪድ የቀልድ ሥራ ለቋንቋ ጥናት የሚያነሣቸው ጥያቄዎች

1. መነሻ

ጊልበርት ጎትፍሪድ (1955–2022) በኒው ዮርክ የምሽት ክበቦች ቀልድ በማቅረብና በካርቱን ፊልሞች ድምፅ በመስጠት የታወቀ አሜሪካዊ ነበር። ስሙን የማያውቁ ሰዎች እንኳ ድምፁን ያውቁታል። የዲስኒን «አላዲን» አይቶ ኢያጎ የተባለውን ቁጡ በቀቀን የሰማ ሰው ድምፁን ዳግም ቢሰማ አይስተውም። ስለ ጎትፍሪድ ሲነገርም ሲጻፍም ብዙ ጊዜ ቀድሞ የሚነሣው ይኸው ጩኸት ነው። የሚነሣው ግን ከቀልዱ ውጭ እንደ ተለጠፈ መለያ፣ ቢቀር ቀልዱ ሳይጎድል እንደሚቀር ጌጥ ተደርጎ ነው።

ይህ ጽሑፍ ይህን አመለካከት ይሞግታል። ክርክሬ ሁለት ደረጃ አለው። የመጀመሪያው፣ የጎትፍሪድ ድምፅ ጌጥ ሳይሆን አድማጩ «ይህ ጨዋታ ነው» ብሎ እንዲቀበል የሚያደርግ ማዕቀፍ ነው የሚለው ነው። ሁለተኛው ደግሞ የመጀመሪያውን ይገድበዋል፤ ማዕቀፉ ያለ አድማጩ መልስ አይቆምም፣ ወደ ማዕቀፉ ያልተጠራን ሰውም አያስገድድም። ሁለቱን ነጥቦች ለመፈተን በ2001 እና በ2011 የተፈጸሙ ሁለት ክስተቶችን አነጻጽራለሁ። በመጨረሻም ንጽጽሩ የቃል ጽሑፍ ሰብስበን ወደ ፊደል ለምንገለብጥ ተመራማሪዎች ምን እንደሚያስተምር አነሣለሁ። በጽሑፉ ውስጥ ያሉት ዓመታት በሙሉ በጎርጎርዮሳዊው አቆጣጠር ናቸው።

2. የተሠራ ድምፅ

ጎትፍሪድ የተወለደው በብሩክሊን፣ ኮኒ አይላንድ ነው። አባቱና አያቱ የብረታ ብረትና የቤት ዕቃ መሸጫ ሱቅ ነበራቸው፤ ቤተሰቡም የሚኖረው ከሱቁ በላይ ነበር። በ15 ዓመቱ በኒው ዮርክ ክበቦች መድረክ ላይ መውጣት ጀመረ። የመጀመሪያ ችሎታው የታዋቂ ተዋንያንን አነጋገር መቅዳት ነበር። የራሱ የሚባለው ድምፅ ከመታወቁ በፊት የሌሎችን ድምፅ አጥንቷል ማለት ነው።

ለክርክራችን ትልቁ ማስረጃ የሚገኘው ግን በ1980–81 ነው። በዚያ የቴሌቪዥን ዘመን ጎትፍሪድ «ሳተርዴይ ናይት ላይቭ» በተባለው ዝግጅት ተዋናይ ነበር። በእነዚያ ምስሎች የምናየው ወጣት ዐይኑን አያጨነቁርም፤ ኋላ የታወቀበት ጩኸትም አይሰማበትም። በ1987 በወጣው «ቤቨርሊ ሂልስ ኮፕ» ሁለተኛ ክፍል ከኤዲ መርፊ ጋር በተጫወተው አጭር ትዕይንት ግን ድምፁም የዐይኑ አኳኋንም ሙሉ ሆነው ይታያሉ። በ2017 የወጣው «ጊልበርት» የተሰኘ ዘጋቢ ፊልም ደግሞ በቤቱ ሲናገር ያሳየናል፤ ንግግሩ ዝግ ያለ፣ ድምፁም ለስላሳ ነው። ስለዚህ የምንነጋገረው ስለ ተፈጥሮ ጉሮሮ ሳይሆን ስለ ተሠራ የአነጋገር ዘይቤ ነው።

ድምፁን ለመግለጽ የጆን ሌቨር የ1980 የድምፅ ጠባይ ገለጻ ይጠቅማል። ሌቨር የድምፅን ጠባይ ከአንድ ነጠላ ድምፅ ጋር ሳያያይዝ፣ በንግግሩ ርዝመት ሁሉ የሚዘልቅ የአካላተ ንግግር አቀማመጥ አድርጎ ያየዋል። ለጆሮ እንደሚሰማው፣ ጎትፍሪድ በመድረክ ላይ ሲናገር ማንቁርቱ ከፍ ያለ፣ ጉሮሮው የጠበበ፣ ድምፁም ሻካራ ነው። በተራ ንግግር ወደ ዐረፍተ ነገሩ መጨረሻ ዝቅ የሚለው ቅኝት በእሱ ዘንድ ዝቅ አይልም፤ ከመጀመሪያው ቃል እስከ መጨረሻው በአንድ ከፍታ ይዘልቃል። የክልላችንን ቋንቋዎች የሚያጠና አንባቢ ማንቁርት ከፍ ማለቱን ከሌላ ቦታ ያውቀዋል። በአማርኛ ጥን ከት፣ ቅን ከክ የሚለየው የአካል ስልት ማንቁርቱን ከፍ ማድረግን ይጨምራል። አንድ የአካል እንቅስቃሴ በአንዱ ቋንቋ ቃልን ከቃል የሚለይ ሲሆን፣ በሌላው ሥፍራ ተናጋሪን ከተናጋሪ፣ ቁም ነገርን ከቀልድ ይለያል። ይህ ልዩነት የተናጋሪውን ድምፅ «ከቋንቋ ውጭ» ብለን ከማለፋችን በፊት ቆም ሊያደርገን ይገባል።

ድምፁ ከባዶ አልተፈጠረም። ዴቦራ ታነን በ1981 የኒው ዮርክ አይሁዶችን የጭውውት ዘይቤ ስታጠና ፈጣን ንግግርን፣ በሌላው ቃል ላይ መግባትንና የጎላ የቅኝት ለውጥን የቅርበትና የተሳትፎ ምልክቶች አድርጋ ገልጻቸዋለች። እነዚሁ ምልክቶች በሌላ አካባቢ ላደገ ሰው ግፊት ወይም ቁጣ ሊመስሉት ይችላሉ። ጎትፍሪድ ያደረገው ይህን ያለመግባባት ምንጭ አግንኖ ገጸ ባሕርይ ማድረግ ነው። አሲፍ አጋ እንደሚያስረዳው አንድ የአነጋገር ዘይቤ ማኅበራዊ ዋጋ የሚያገኘው ሰዎች ደጋግመው ሰምተው ከአንድ ዓይነት ሰው ጋር ሲያያይዙት ነው። የጎትፍሪድ ልዩ ነገር ግን «ዓይነቱ» አንድ ሰው ብቻ መሆኑ ነው፤ ዘይቤው የአንድ ሰው ንብረት ሆኖ ተመዘገበ።

3. ሦስት ወፎች

ጎትፍሪድ በካርቱንና በማስታወቂያ ድምፅ ከሰጣቸው ገጸ ባሕርያት ሦስቱ ወፎች መሆናቸው የአጋጣሚ ነገር ሊመስል ይችላል። ለቋንቋ ተመራማሪ ግን ሦስቱ ሦስት የተለያዩ የንግግር ሁኔታዎችን ያሳያሉ።

ኤርቪንግ ጎፍማን «ተናጋሪ» የሚለውን ቃል በሦስት ከፍሎት ነበር። አንዱ ድምፁን የሚያወጣው አሰሚ ነው፤ ሁለተኛው ቃላቱን የሚቀምረው ነው፤ ሦስተኛው በቃሉ የሚጠየቀው ባለቃል ነው። በዕለታዊ ንግግር ሦስቱ በአንድ ሰው ስለሚገናኙ አንለያቸውም። በካርቱን ፊልም ግን የግድ ይለያያሉ።

በ1992 የወጣው «አላዲን» ይህን ክፍፍል የታሪኩ አካል ያደርገዋል። ኢያጎ በሱልጣኑ ፊት የሌላውን ቃል የሚደግም ተራ በቀቀን ነው፤ አሰሚ ብቻ ነው ማለት ነው። ሱልጣኑ ብስኩት በአፉ ሲጠቀጥቅበት ምንም ሊል አይችልም። ከጌታው ከጃፋር ጋር ብቻውን ሲሆን ግን የታመቀው ቁጣ ሁሉ በጎትፍሪድ ድምፅ ይፈነዳል፤ ያኔ ቀማሪም ባለቃልም ይሆናል። መብራቱን ለመስረቅ ሲፈልግ ደግሞ የልዕልት ጃስሚንን ድምፅ ቀድቶ አላዲንን ያታልላል። ፊልሙን የሚመለከት ሕፃን ስለ ጎፍማን ሳይሰማ «ማን ነው የሚናገረው?» የሚለውን ጥያቄ ይማራል። የገጸ ባሕርዩን ሥዕል የመሩት ዊል ፊን የጎትፍሪድን የተጨነቆሩ ዐይኖችና ጥርሶች ወደ በቀቀኑ ፊት ማስገባታቸውም ይታወቃል። ድምፁ ሥዕሉን ተከትሎ አልተለጠፈም፤ ሥዕሉ ራሱ ድምፁን ተከትሏል።

እዚህ ላይ አንድ የታወቀ ጥናትን መተቸት ያስፈልጋል። ሮዚና ሊፒ-ግሪን በ1997 ባሳተመችው መጽሐፍ 24 የዲስኒ ፊልሞችንና 371 ገጸ ባሕርያትን መርምራ፣ እንግሊዝኛን በባዕድ ቅላጼ የሚናገሩት ከሌሎቹ ይልቅ በክፉ ሚና እንደሚቀርቡ አሳይታለች። ግኝቱ ጠቃሚ ነው፤ በ«አላዲን»ም አላዲንና ጃስሚን በአሜሪካ ቅላጼ ሲናገሩ የከተማዋ ጠባቂዎች በባዕድ ቅላጼ መናገራቸው ለዚሁ ምስክር ነው። ነገር ግን በቅላጼ ብቻ ቢመዘን ኢያጎ ከነአላዲን ጋር በአሜሪካ እንግሊዝኛ ተናጋሪዎች ዝርዝር ውስጥ ይገባል። ኢያጎን የክፉው ወገን ያደረገው የአናባቢው ወይም የተነባቢው ዓይነት ሳይሆን የድምፁ ጠባይ ነው። ቅላጼን የሚቆጥር ጥናት የድምፅን ጠባይ ካልቆጠረ የመድልዎውን አንድ መንገድ ሳያይ ያልፋል።

ሁለተኛው ወፍ ከ2000 ጀምሮ በአፍላክ የኢንሹራንስ ኩባንያ ማስታወቂያ የታየው ዳክዬ ነው። የማስታወቂያው ሐሳብ የተነሣው የኩባንያው ስም ሲደጋገም የዳክዬ ጩኸት ስለሚመስል ነው። ዳክዬው ከዚያች አንዲት ስም በቀር የሚናገረው የለውም፤ ሰዎቹ ግን አይሰሙትም። ተስፋውም ንዴቱም ልመናውም የሚገለጸው በአንዲቱ ቃል ቅኝት ነው። በአማርኛና በጎረቤት ቋንቋዎች ድምፅን የሚመስሉ ቃላት «አለ» ከሚለው ግሥ ጋር ተጣምረው ወደ ሰዋስው ሲገቡ እናያለን። የዳክዬው መንገድ ተቃራኒ ነው፤ ሙሉ መዝገባዊ ስም የነበረው ቃል ወደ እንስሳ ጩኸት ወረደ። ትርጉሙን ባጣ መጠን ድምፁ በረታ።

ሦስተኛው ከ2002 ጀምሮ በአሜሪካ የሕዝብ ቴሌቪዥን በቀረበው «ሳይበርቼዝ» ላይ ያለው ዲጂት የተባለ ሮቦት ወፍ ነው። ዝግጅቱ ለሕፃናት ሒሳብ የሚያስተምር ሲሆን ዲጂት የልጆቹ ወዳጅና ረዳት ነው። ድምፁ ያው ነው፤ ዋጋው ግን ተለውጧል። በ1992 የክፉ ሎሌ ምልክት የነበረ ሻካራነት በ2002 የወዳጅ ሆነ። ከዚህ የምንረዳው ድምፁ በራሱ «ክፋት» ወይም «ደግነት» የሚል ፍች እንደሌለው ነው። በሦስቱም ወፎች ዘንድ ሳይለወጥ የሚዘልቀው መልእክት «ይህን እንደ ተራ ንግግር አትስሙት» የሚለው ብቻ ነው።

4. «ገና ነው!»

መስከረም 2001 መጨረሻ ላይ፣ በኒው ዮርክ የተፈጸመው ጥቃት ሦስት ሳምንት ሳይሞላው፣ የፍራያርስ ክለብ የ«ፕሌይቦይ» መጽሔት መሥራች ለሆነው ለሂው ሄፍነር አንድ ምሽት አዘጋጀ። እንዲህ ያለው ምሽት ወዳጆች አንዱን ሰው በመዝለፍ የሚያከብሩበት ነው። ጎትፍሪድ ተነሥቶ፣ የተሳፈረበት አውሮፕላን ቀጥታ በረራ እንዳልሆነና መጀመሪያ በኢምፓየር ስቴት ሕንፃ ማረፍ እንዳለበት የሚገልጽ ቀልድ ተናገረ። አዳራሹ በማጉረምረም ተሞላ፤ አንድ ሰውም ድምፁን ከፍ አድርጎ ተቃወመ። በአማርኛ ቢሆን «ገና ነው!» እንደ ማለት ነው። ጎትፍሪድ በኋላ ይህን ሲያወጋ፣ የመሰለው በቀልዱ መግቢያና መደምደሚያ መካከል በቂ ዕረፍት አልወሰድክም የተባለ እንደ ነበር እየቀለደ ይናገር ነበር። በዚህ መልሱ ታሪካዊ ጊዜንና የንግግር ጊዜን አንድ አድርጎ ይስቅባቸዋል።

ከዚያ በኋላ ያደረገው ለጥናታችን ዋናው ነገር ነው። ይቅርታ አልጠየቀም፤ ከመድረክም አልወረደም። ቀልደኞች ለብዙ ዘመን በመካከላቸው ሲቀባበሉት የኖሩትን «አሪስቶክራቶቹ» የተባለ እጅግ ጸያፍ ቀልድ ጀመረ። የዚህ ቀልድ መግቢያና መደምደሚያ ቋሚ ናቸው፤ አንድ ቤተሰብ የመድረክ ትርኢቱን ለወኪል ያቀርባል፣ በመጨረሻም የትርኢቱ ስም ይጠየቃል። መካከሉ ግን ተናጋሪው በዚያው ቅጽበት የሚፈጥረው ነው። የቃል ጽሑፍ አጥኚ ይህን ቅርጽ ያውቀዋል። የእኛ ተራኪ «ተረት ተረት» ብሎ ሲጀምር አድማጩ የሚመልሰው ቋሚ መልስ ወደ ተረቱ ዓለም መግቢያ በር ነው። በዚያ ምሽት አድማጮቹ ከነበሩት ብዙዎቹ ቀልደኞች ስለ ነበሩ የበሩን ቁልፍ ያውቁ ነበር። ሲያጉረመርም የነበረው አዳራሽ በሳቅ ተሞላ። ፖል ፕሮቬንዛና ፔን ጂሌት በ2005 ስለዚሁ ቀልድ ባወጡት ዘጋቢ ፊልም ይህ ምሽት ጎልቶ የሚታይ ክፍል ሆኗል።

ቪክቶር ራስኪንና ሳልቫቶሬ አታርዶ በ1991 ባቀረቡት የቃላዊ ቀልድ ንድፈ ሐሳብ ቀልድ የሚመዘንባቸውን ስድስት ነገሮች ይዘረዝራሉ፤ የሐሳብ ንድፎች ተቃርኖ፣ የአመክንዮ ስልት፣ ሁኔታ፣ ዒላማ፣ የትረካ ስልትና ቋንቋ። የዚያን ምሽት ሁለት ቀልዶች በእነዚህ ብንመዝን ልዩነታቸውን መግለጽ እንችላለን። ያልተገለጸ የሚቀረው ግን አንዱ ወደ ሌላው የተሸጋገረበት መንገድ ነው። በስድስቱ ዝርዝር ውስጥ ለድምፅ ጠባይና ለአድማጭ መልስ የራሳቸው ቦታ የላቸውም። ንድፈ ሐሳቡ ቀልድን እንደ ተጠናቀቀ ጽሑፍ ያያል። በአዳራሹ የሆነው ግን ተናጋሪና አድማጭ በጋራ የሠሩት ጥገና ነው፤ አድማጩ «ገና ነው» ብሎ አረመ፣ ተናጋሪውም መንገዱን ለወጠ።

5. ፊደል የያዘውና ያልያዘው

መጋቢት 2011 በጃፓን የመሬት መንቀጥቀጥና ሱናሚ ደርሶ ብዙ ሺህ ሰው ሲያልቅ፣ ጎትፍሪድ በትዊተር ስለ አደጋው ተከታታይ ቀልዶች ጻፈ። አፍላክ ያኔ ከገቢው ወደ ሦስት አራተኛ የሚጠጋውን የሚያገኘው ከጃፓን ነበር። ኩባንያው ሳይውል ሳያድር አሰናበተው፤ እሱም ይቅርታ ጠየቀ። ለዳክዬው አዲስ ድምፅ ሲፈለግ ከ12,000 በላይ ሰዎች ራሳቸውን አቀረቡ፤ በመጨረሻም በሚኒሶታ የሚኖር ሰው ተመረጠ። በጎፍማን አነጋገር አሰሚው ተለወጠ፣ ባለቃሉ ኩባንያ ግን ቀጠለ።

የ2001 እና የ2011 ቀልዶች በአንድ አፍላቂ፣ በአንድ ዓይነት ርዕሰ ነገርና በአንድ ዓይነት ድፍረት የተሠሩ ናቸው። አንዱ የሙያው ዝና ሲሆን ሌላው ሥራውን ያሳጣው ለምንድን ነው? የመጀመሪያው መልስ «ድምፁ ስለሌለ» የሚለው ነው። በጽሑፉ ላይ ጩኸት የለም፤ የተጨነቆረ ዐይን የለም። አንባቢው ያገኘው ቃሉን ብቻ ነው፤ ቃሉ ብቻውን ደግሞ ጭካኔ ነው።

መልሱ እውነትነት አለው፤ ነገር ግን በቂ አይደለም። በ2001 አዳራሽም ድምፁ ሙሉ ሆኖ ሳለ የመጀመሪያው ቀልድ ወድቆ ነበር። ያዳነው ድምፁ ብቻ ሳይሆን አድማጩ ወዲያው መቃወም መቻሉና ተናጋሪው ተቃውሞውን ሰምቶ መታጠፍ መቻሉ ነው። በተጻፈው መልእክት ይህ ምልልስ በጊዜው የለም፤ ተቃውሞው ሲደርስ ቃሉ ብዙ አገር አልፏል። ከዚህም በላይ የአዳራሹ ታዳሚ ኒው ዮርክ ውስጥ የተቀመጠ፣ በጥቃቱ ራሱ የቆሰለ፣ ሊቆጣም ሊስቅም መብት የነበረው ነው። የጃፓን ሟቾችና ቤተሰቦቻቸው ግን የቀልዱ ዒላማ እንጂ ተጋባዥ አልነበሩም። «እሱ እንዲህ ነው፣ የሚቀልደው ለጨዋታ ነው» የሚለው የወዳጆቹ መከላከያ የሚሠራው ጨዋታውን ለሚያውቁ ብቻ ነው። ማዕቀፍ ውል ነው፤ ያልፈረመውን ሰው አያስርም።

ይህን ስል ጎትፍሪድን ወደ አንድ ስሕተት ማሳነሴ አይደለም። ከ2014 ጀምሮ እስከ ሕይወቱ ፍጻሜ ከፍራንክ ሳንቶፓድሬ ጋር ባዘጋጀው ፖድካስት አሮጌ ተዋንያንን እየጠየቀ፣ የብዙዎቹን አነጋገር እየቀዳ፣ ተረስተው የነበሩ ድምፆችን በሰው ጆሮ ላይ አቆይቷል። በቃል የሚተላለፍ ጥበብ ባለ አደራ ነበር። ይኸው ሥራው የሚያሳየን የ2011 ስሕተት ከችሎታ ማነስ እንዳልመጣ ነው። ድምፅን ከማንም በላይ የሚያውቅ ሰው ድምፅ በማይደርስበት መስክ ውስጥ እንደ ገባ ለቅጽበት ዘነጋ።

6. ለእኛ የሚተርፈው

ፊደላችን ጥብቀትን አያሳይም። «አለ» ተብሎ ሲጻፍ «ተናገረ» ይሁን «ይገኛል» የምናውቀው ከዐውዱ ነው። «ገና» ተብሎ ሲጻፍም ጊዜው አልደረሰም ማለት ይሁን የልደት በዓል፣ ላልቶ ወይም ጠብቆ ሲነበብ ይለያል። ቋንቋውን የሚያውቅ አንባቢ ጉድለቱን ሳያስተውል ይሞላዋል። የድምፅ ጠባይም እንዲሁ ነው፤ ልዩነቱ ሞይው አንባቢ የሌለ መሆኑ ብቻ ነው። ከሃምሳ ዓመት በኋላ የእኛን የተገለበጠ ጽሑፍ የሚያነብ ሰው ተናጋሪው ሲቀልድ ይሁን ሲሳደብ በምን ያውቃል?

እኔም በዚህ ተጠያቂ ነኝ። ከቀረጻ ስገለብጥ በኖርኩባቸው ዓመታት ሳቅ ሲመጣ «(ሳቅ)» ብዬ ጽፌ፣ ድምፁ ሲለወጥ ደግሞ ምንም ሳልጽፍ አልፌአለሁ። በዚህ ዓይነት የተሰበሰበ ስድብ፣ ዘለፋ ወይም ሽሙጥ የ2011ን መልእክት ይመስላል፤ ቃሉ አለ፣ የሰሙት ግን የሉም። እንዲህ ያለ ጽሑፍ ስለ አንድ ሕዝብ የአነጋገር ባህል ማስረጃ ተደርጎ ሲጠቀስ፣ ጉዳቱ በጸሐፊው ላይ ሳይሆን ቃሉን በሰጠን ተናጋሪ ላይ ይወድቃል።

ስለዚህ የቃል ጽሑፍ ስንሰበስብ ቢያንስ ሦስት ነገሮችን እንድንመዘግብ ሐሳብ አቀርባለሁ። የመጀመሪያው፣ ተናጋሪው ከዕለታዊ ድምፁ ወደ ሌላ የድምፅ ጠባይ የተሻገረበትና የተመለሰበት ቦታ ነው፤ ለዚህም የተናጋሪውን ተራ ንግግር ጭምር መቅዳት ያስፈልጋል። ያለ 1980ው ምስልና ያለ 2017ቱ ፊልም የጎትፍሪድ ጩኸት የተሠራ መሆኑን ማረጋገጥ ባልቻልን ነበር። ሁለተኛው፣ የአድማጩ መልስ እንደ ቅንፍ ማስታወሻ ሳይሆን እንደ ሙሉ ተራ ይጻፍ፤ ማን ሳቀ፣ ማን ዝም አለ፣ ማን «ገና ነው» አለ። ሦስተኛው፣ ዒላማው በቦታው መኖር አለመኖሩ ይመዝገብ።

ጎትፍሪድ በሚያዝያ 2022 ሞተ። የበቀቀኑ፣ የዳክዬውና የሮቦቱ ቀረጻዎች አሉ፤ በእነዚያ ላይ ድምፁ ከነሻካራነቱ ይሰማል። የ2011 ቃላት ግን ያለ ድምፅ ቀርተዋል፤ የሚፈረድባቸውም እንደ ቀሩት ነው።